ከአሜን በኋላ የቀረው

ተናኘ ቤዝመንት ወርዳ የልብስ ማጠቢያውን ማሽን ስትሞላ፣ የባሏ ድምፅ ከራስጌዋ ካለው የማሞቂያ ቀዳዳ ውስጥ ወረደ። «ምን ልበለው ታዲያ ወንድም አሞጽ? አላየሁም አልኩታ! ዋሸህ በለኝ፣ አዎ ዋሽቻለሁ። ካሴቶቹማ የመጋቢ ስብከት ተቀድቶባቸው አልቀዋል። አሁን እኔ ነኝ ያጠፋሁት ብለው አገልግሎቱ ምን ይባላል?» ካልጋሪ ውስጥ አሮጌ ቤት ምስጢር አይችልም። የማሞቂያው ምድጃ፣ ፈርነሱ፣ ምድር ቤት ተቀምጦ ሙቀቱን በቆርቆሮ ቱቦ ወደየክፍሉ ይልካል፤ ያው ቱቦ ደግሞ ላይ የተወራውን ወደ ታች ያመጣዋል። አሞጽ የቤተ ክርስቲያኑ ሽማግሌ ነው፤ ምን እንደመለሰ አልተሰማትም። ባሏ አድማሱ ብቻ «እሺ፣ እሺ፣ እንጸልይበታለን» ሲል፣ ከዚያም ስልኩን ሲያስቀምጥ፣ ከዚያም ብርጭቆ ውስጥ ስኳር ሲያማስል ሰማች። ከሁሉ በላይ የከፋት ስኳሩን ሲያማስል መስማቷ ነው።

የባሏን ሸሚዝ እንደያዘች ቆማ ቀረች። ፊት ለፊቷ የተከራያቸው የጋሼ ኦስማር በር ገርበብ ብሏል። ሰውዬው በማለዳ ፀጉሩን ሊስተካከል ወጥቷል፤ ዛሬ ማምሻውን እንግዳ አለበት። በበሩ ላይ ጥቁር ሱፍ ልብስ ተሰቅሏል፤ ከአሮጌ ልብስ መሸጫ በስምንት ዶላር ገዝቶት፣ እጅጌው ረዝሞበት፣ ትናንት ከሥራ ስትመለስ እሷው ራሷ አሳጥራ ሰፍታለታለች። ከልብሱ ሥር ያለው ወለል ግን ከሳምንት ወዲህ የጦር ሜዳ መስሏል። ፍራሹ ተገልብጧል፣ ሻንጣው ተዘርግፏል፣ የአልጋው እግር ሳይቀር ተፈትሿል። ሰውዬው አንድ የጫማ ካርቶን እየፈለገ ነው።

ኦስማር ብራዚላዊ ነው፣ ስድሳን አልፏል። ተናኘና አድማሱ ቤቱን በገዙ በዓመቱ ቤዝመንቱን ሊያከራዩ ሱቅ ግድግዳ ላይ የለጠፉትን ማስታወቂያ ገንጥሎ፣ ሌላ ሰው እንዳይቀድመው ወረቀቱን በኪሱ ይዞ ነው የመጣው። ዕድሜውን አይታ ጋሼ አለችው። «ጋሼ ማለት ሚስተር ማለት ነው?» አላት። «ኧረ ከሚስተር ይበልጣል» አለችው። ከዚያ ወዲህ ስልክ ሲያነሣ ሁሉ «ጋሼ ኦስማር ነኝ» ነው የሚለው። ሬሲፌ በምትባል የባሕር ዳር ከተማ ተወልዶ፣ ገና ጢሙ ሳያበቅል በሬዲዮ ጣቢያ ኦርኬስትራ ፒያኖ ተጫውቶ፣ ሪዮ ገብቶ የራሱን ባንድ አቁሞ፣ ጃዝን ከአገሩ ምት ጋር እያጋባ ዜማ ሲደርስ የኖረ ሰው ነው። ሁለት ሸክላ አሳትሞ ነበር፤ ያሳተመው ቤት ከሰረና ሸክላው መጋዘን ውስጥ ውኃ ገባበት። የዜማው ወረቀት ከባንዱ ጋር ተበተነ። የክረምቱ ኦሊምፒክ እዚህ የተደረገ ጊዜ ከአንድ የዳንስ ቡድን ጋር መጣ፤ ቡድኑ ተመለሰ፣ እሱ በአንዲት ሴት ምክንያት ቀረ፤ ሴትዮዋም በተራዋ ቫንኩቨር ሄደችና እሱ ከበረዶው ጋር ቀረ። ሆቴል ውስጥ ሰው ሹካና ቢላዋ እያንኳኳ ሲበላ ፒያኖ መታ። በዚያው ዘመን የፒያኖ መሸጫ የሚጠብቅ አንድ ወዳጁ እሑድ እሑድ ሱቁ ሲዘጋ ያስገባው ነበርና፣ አርባ ዓመት የደረሰውን ሁሉ ከራሱ እያወጣ፣ ብቻውን እየተጫወተ በካሴት ቀዳው። ወዲያው ሆቴሉ ፒያኖውን አውጥቶ ትልቅ ቴሌቪዥን አስገባ። ኦስማርም ፉትሂልስ በሚባለው የፋብሪካ ሰፈር ዕቃ መጋዘን ሥራ ገባ፤ በሁለተኛው ክረምት ዕቃ የተጫነበት ሳንቃ ቀኝ እጁ ላይ ወደቀ። ሁለት ጣቶቹ እንደ ልብስ መስቀያ ታጥፈው ቀርተዋል።

«ይሄ እኔ ነኝ» ብሏት ነበር አንድ ቀን፣ እነዚያን ካሴቶች የያዘውን የጫማ ካርቶን በሁለት እጁ ከፍ አድርጎ። «እዚህ ተቀምጦ ሻይሽን የሚጠጣው ቅርፊቱ ነው።»

የዛሬ ሳምንት ከሞንትሪያል ስልክ ተደወለለት። የደወለችው ሴት የተረሱ ሙዚቀኞችን ሥራ እየፈለገች በአዲስ የምታሳትም ናት፤ ከነዚያ ሁለት ሸክላዎች አንዱን ሪዮ ውስጥ ከአሮጌ ዕቃ ነጋዴ አግኝታ፣ ሰውዬውን ሁለት ዓመት ሙሉ ስታፈላልግ ኖራለች። «ሌላ ምን አለህ?» አለችው። «ሁሉም አለኝ» አለ። በሌላ ጉዳይ ወደ ቫንኩቨር ስታልፍ ቅዳሜ ካልጋሪ ወርዳ ካሴቱን ልትሰማ ተቀጣጠሩ። ስልኩን ዘግቶ ወደ ፈርነሱ ክፍል ሮጠ፤ ካርቶኑ የለም።

የካርቶኑ ነገር እንዲህ ነው። አድማሱ በቤተ ክርስቲያናቸው የካሴት አገልግሎት ኃላፊ ነው። እሑድ የተሰበከውን ቀድቶ፣ አባዝቶ፣ ከቤት ለማይወጡ አረጋውያን፣ እሑድ ሺፍት ለያዛቸው፣ ኤርድሪና ኦኮቶክስ ርቀው ለሚኖሩት ያድላል። ባዶ ካሴት እንደልብ አይገዛም። ጌታን አዲስ የተቀበሉ ሰዎች ግን በዓለም ሳሉ የሰበሰቡትን የዘፈን ካሴት ያመጣሉ፤ መቅጃው ያለው እነአድማሱ ቤት ስለሆነ ቤዝመንት ወርደው፣ ፈርነሱ አጠገብ ባለው ትልቅ ካርቶን ውስጥ ጥለው ይወጣሉ። ደንቡ ዝምታ ነው። ማን ጣለው ተብሎ አይጠየቅም፣ ጣይውም አይመሰገንም፤ የተውከውን ነገር ስምህን ለጥፈህ አትተወውም ይላሉ። አድማሱም ዘፈኑ ላይ ስብከት ይቀዳበታል። ካሴት በጀርባው ሁለት ትናንሽ ጥርሶች አሉት፤ እነሱን የሰበረ ሰው፣ በዚህ ላይ ማንም አይቅዳ ማለቱ ነው። ጥርሱ የተሰበረውንም ቢሆን አድማሱ ቀዳዳው ላይ ፕላስተር ይለጥፍበትና ይቀዳበታል።

በጥር ወር አንድ እሑድ ኦስማር አብሯቸው ቤተ ክርስቲያን ሄዶ ነበር። መጋቢ «ጌታን የምትፈልጉ እጃችሁን አንሡ» ሲሉ፣ አጠገቡ የነበሩት ሲያነሡ አይቶ እሱም አነሣ፤ ዓይኑም እንባ አቅርሮ ነበር። በነጋታው ክፍሉ ውስጥ ቧንቧ ፈነዳ። ኦስማር ከሁሉ በፊት ያወጣው የጫማ ካርቶኑን ነው፤ ደረቅ ቦታ ሲፈልግ ፈርነሱ አጠገብ ያለ ትልቅ ካርቶን አገኘና በላዩ አስቀመጠው፤ ደህና ቦታ ነው ብሎም ከዚያ ወዲህ ዞሮ አላየውም። ማክሰኞ አድማሱ ከሥራ ሲገባ አየው። ተናኘ ያን ቀን ታስታውሳለች። ባሏ ዓይኑ ቀልቶ ከቤዝመንት ወጥቶ፣ «እግዚአብሔር ትልቅ ነው! ጋሼ ኦስማር ሁሉንም ተወው!» ብሎ ወንበር ላይ ተቀምጦ አለቀሰ። ምን እንደተወ አላብራራላትም፤ እሷም ሲጋራውን መስሏት ነበር።

ሸሚዙን ማሽኑ ውስጥ ጥላ ወደ መደርደሪያው ሄደች። የባሏ ነገር መልክ አለው፤ ካሴቶቹ ቀንና የመጽሐፍ ቅዱስ ጥቅስ ተጽፎባቸው እንደ ወታደር ተሰልፈዋል። የኦስማርን ለመለየት አልተቸገረችም፤ አረንጓዴ መስመር ያለባቸው ናቸው፣ ሲያሳያት ዓይኗ ይዞታል። ሦስቱን አገኘች። አንዱን መቅጃው ውስጥ ከተተች። የመጋቢ ድምፅ ስለ ዘሪው ምሳሌ ያስተምራል። ገለበጠችው፤ አሁንም መጋቢ። ወደ ፊት አስሮጠችው፣ ቆም አደረገች፣ አስሮጠችው። መጋቢ ረጅም ሰባኪ ናቸው፤ ካሴቱን ሊጨርሱት ምንም አይቀራቸውም። በመጨረሻ «አሜን» አሉ፣ ሕዝቡም «አሜን» አለ፣ ቀጭ የሚል ድምፅ ተሰማ፤ ከዚያ ፒያኖ መጣ። ከመሐል ነው የጀመረው፤ በር ሳያንኳኳ ዘው እንዳለ ሰው። ግራ እጁ እየዞረ ይሄዳል፣ ቀኙ ደግሞ የሆነ ነገር ጠይቆ መልሱን ሳይጠብቅ ይስቃል። ተናኘ ሙዚቃ አታውቅም፣ ዘፈን ከተወችም አሥራ አንድ ዓመቷ ነው። ቢሆንም የእነዚያን ሁለት ጣቶች ሥራ አወቀችው። ወዲያው ካሴቱ አለቀ።

ሦስቱንም ሰማች። አንደኛው ላይ ጥቂት ደቂቃ ተርፏል፣ ሌላኛው ላይ አንድ ስንኝ የሚያህል፣ ሦስተኛው ላይ ምንም። የቀሩት ታድለዋል። ለማን እንደታደለ መጠየቅ ያለባት አድማሱን ነው፤ እሱን መጠየቅ ማለት ግን ሰማሁህ ማለት ነው። ወደ ላይ ወጣች። አድማሱ መጽሐፍ ቅዱሱን ጠረጴዛ ላይ ዘርግቶ በመስኮቱ ውጭውን ያያል። ሌሊቱን ቺኑክ ገብቶ፣ ያ ሞቃት የተራራ ነፋስ የመጋቢትን በረዶ እያቀለጠው፣ ከየጣሪያው ውኃ ይንጠባጠባል። «ራሴን አሞኛል፣ ነፋሱ ነው» አላት ሳይዞር። «ይሆናል» አለችው። ቁርስ ትበላለህ ወይ ሳትለው ስልኩን ይዛ መኝታ ቤት ገባች።

መጀመሪያ ኤርድሪ ለሚኖረው ለደርበው ደወለች፤ የጭነት መኪና ሾፌር ነው፣ ካሴት በመውሰድ የታወቀ ነው።

«አረንጓዴ መስመር ያለው? እህት ተናኘ፣ እሱንማ የመኪናዬ ቴፕ በላው! አንጀቱን ጎልጉሎ ጎልጉሎ እንደ ስፓጌቲ! በመቀስ ነው ያወጣሁት። ምነው፣ አድማሱ ሊቆጣኝ ነው እንዴ?»

«አይ፣ አይቆጣህም።»

«ብቻ አንድ ነገር ልንገርሽ? ስብከቱ ሲያልቅ የሆነ ሙዚቃ ነበረበት። እኔ ደግሞ ኳየሩ አዲስ ነገር አመጣ ብዬ... ሬድ ዲር እስክደርስ እየመለስኩ ነበር የሰማሁት። አይፈረድብኝም መቼስ፣ መንገዱ ረጅም ነው።»

ኦኮቶክስ ደወለች፤ የዚያን ቤት ካሴት ልጆቹ በራሳቸው ድምፅ እየቀዱ ተጫውተውበታል። ሌላ ቤት ደወለች፤ አዲስ አበባ ለዘመድ ልከውታል። ሌላ ቤት ማንም አያነሣም። የቀሩት እትዬ ሙሉሸዋ ብቻ ሆኑ። እሳቸው ከእግራቸው ሕመም የተነሣ ከቤት አይወጡም፣ በስልክ ደግሞ አይሰሙም፤ ኮቷን ደርባ ወጣች። አድማሱ «ወዴት ነው?» አላት። «እትዬ ሙሉሸዋን ልጠይቅ።» ባሱ ውስጥ ሁሉም ሰው ኮቱን አውልቆ ታቅፏል፤ ጎማው የቀለጠውን በረዶ በመስኮት ላይ ይረጨዋል። ተናኘ ግንባሯን መስተዋቱ ላይ አስደግፋ ለጋሼ ኦስማር እንዴት ብዬ ነው የምነግራቸው ትላለች። እንግዳዋ ትመጣለች። ልብሱ ተሰፍቷል፣ ፀጉሩ ተስተካክሏል። ልክ ለቀብር ይመስል ሁሉ ነገር ተሰናድቷል፤ የጎደለው ሬሳው ነው።

እትዬ ሙሉሸዋ የሚኖሩት መሐል ከተማ፣ አሮጌዎች ብቻ በሚኖሩበት ፎቅ ላይ ነው። ኮሪደሩ የተቀቀለ ጎመንና የመድኃኒት ሽታ አለው። ክፍላቸው አንድ ናት፤ አልጋ፣ ወንበር፣ የኢየሱስ ሥዕል ያለበት የቀን መቁጠሪያ፣ አልጋው ራስጌ ላይ ትንሽ ቴፕ። ሰላምታው እስኪያልቅ፣ የእግራቸው ነገር፣ የልጃቸው ነገር፣ የቺኑኩ ነገር እስኪያልቅ ተናኘ ዓይኗን ከቴፑ ላይ አላነሣችም። ካሴቱ ውስጡ ነው። አረንጓዴ መስመሩ በመስኮቱ ይታያል።

«እሷን ነው የምትፈልጊያት?» አሉ አሮጊቷ፣ አፍ አውጥታ ሳትጠይቅ። «አድማሱ ላከሽ? በአዲስ ሊቀይርልኝ ነው? እኔ አዲስ አልፈልግም በይው።»

«ስብከቱን ወደዱት እትዬ?»

«ስብከቱንማ በቃሌ ይዤዋለሁ፣ ልስበክልሽ? እኔ የምጠብቀው ከአሜን በኋላ ያለችውን ነው። ጠዋት አንዴ፣ ማታ አንዴ። ጆሮዬ ደክሟል ብዬ ቴፑን እዚህ ላይ አስደግፈዋለሁ» ብለው ደረታቸውን መቱ። «ማን እንደሆነ አላውቅም፣ ብቻ ጸሎት ነው። ቃል ያለቀበት ሰው ጸሎት።»

ተናኘ ለመጀመሪያ ጊዜ ያን ዕለት አለቀሰች። ከዚያ ነገረቻቸው፤ ጮክ ብላ፣ ጎረቤት እየሰማ፣ ምንም ሳትደብቅ፣ የባሏንም ውሸት ሳትደብቅ። አሮጊቷ እስከ መጨረሻው ሰሙ። የቴፑን ክዳን ከፍተው ካሴቱን አወጡና በመሐረባቸው ጠቀለሉት። «ባለቤቱ እያለ እኔ ማን ነኝ?» አሉ። በሩ ድረስ በምርኩዝ ሸኟት። እየወጣች ሳለ ግን ኮቷን ያዝ አደረጉ። «ሲጨርስበት ይመልስልኝ ይሆን? እስቲ ጠይቂልኝ። እንዳያስቸግረው ብቻ።»

ቤት ስትደርስ ፀሐይዋ ወደ ተራራው አዘንብላለች። ኦስማር ፀጉሩን ተስተካክሎ፣ ሱፉን ለብሶ፣ የተዘበራረቀ ክፍሉ መሐል ባለ ብቸኛ ወንበር ላይ ተቀምጧል። እጅጌው ልክ ገብቷል። መፈለጉን ትቶታል። አድማሱ ከኋላዋ ደረጃውን ወርዶ በሩ ላይ ቆመ፤ መደርደሪያው ተበርብሮ አይቷል፣ አውቋል። ተናኘ መሐረቡን ፈታ ካሴቱን አልጋው ላይ አኖረች፣ ከኪሷም ፒያኖ የተረፈባቸውን ሁለቱን አውጥታ አጠገቡ አደረገች። እንግሊዝኛዋ ጥሏት ሄደ። «ጋሼ ኦስማር፣ የቀረው ይሄ ነው» አለች።

ኦስማር አላያቸውም። ጣሪያው ላይ ወዳለው የማሞቂያ ቀዳዳ ነው ያየው። «አውቃለሁ» አለ። «ያ ቀዳዳ ይናገራል። ቋንቋችሁን አላውቅም፣ ስሜን ግን አውቃለሁ። ካሴትም በእናንተ ቋንቋ ካሴት ነው። ስሜ ሲጠራ፣ ካሴት ሲባል፣ ከዚያ ድምፅ ዝቅ ሲል፤ ሦስት ቀን ሙሉ ሰማሁ።»

«ታዲያ ለምን ፈለጉ?» አለችው።

«ስፈልግ ያየኝ ሰው ይራራልኛል ብዬ።»

አድማሱ ከበሩ ላይ ሳይነቃነቅ ተናገረ። «የተውከው መስሎኝ ነው ወንድሜ። እጅህን አንሥተሃል። ካርቶኑን ከካርቶናችን ላይ አስቀመጥክ። እዚህ ሰው የተወውን እንዲህ ነው የሚተው፣ አይነገርም።» ድምፁ ተሰበረ፣ ከዚያ መሰበሩ አስደንግጦት ይመስል ደነደነ። «ደግሞም አልጠፋም። የእግዚአብሔር ቃል ሥር ነው ያለው።» ተናኘ ዞር ብላ ባሏን አየችው። ይህን ሰው አላውቀውም ማለት ነው ብላ አሰበች።

ኦስማር ወንበሩን ወደ መቅጃው አስጠጋ። የእትዬ ሙሉሸዋን ካሴት አንሥቶ በመቅጃው ውስጥ ከተተ። ተናኘ ወደ ፊት ላስሩጠው ብላ እጇን ብትሰድ ከለከላት። ስለዚህ ሦስቱም የመጋቢን ስብከት መጨረሻ ሰሙ፣ እሱ የማይገባውን፣ እነሱ የሚያውቁትን። ሰባኪው ትንፋሽ ለመሳብ ባረፉ ቁጥር ኦስማር ጆሮውን ወደ ድምፅ ማጉያው ያስጠጋል፤ ከሥር ያለ ነገር ይሰማ እንደሆነ ነው። ከሥር ምንም የለም። አሜን ተባለ። ፒያኖው መጣ። የኦስማር ግራ እጅ ጉልበቱ ላይ ተነሥታ ከድምፁ ጋር መሄድ ጀመረች፤ ቀኙ ልትነሣ ብላ ተንቀጠቀጠችና ታጥፋ ቀረች። ሙዚቃው ወደ አንድ ቦታ እየወጣ ነበር፣ ሊደርስ ነበር፤ ካሴቱ አለቀ፣ ቁልፉ ቀጭ ብሎ ተነሣ። በዚያው ቅጽበት ከላይ የበሩ ደወል ጮኸ።

በቤዝመንቱ ጠባብ መስኮት ላይ የሴት ቦቲ ጫማ ይታያል፣ የቀለጠ በረዶ ላይ ቆሞ። ደወሉ ደገመ። ያኔ አድማሱ ሊከፍት ወጣ። ኦስማር ካሴቱን አውጥቶ ጀርባውን ገለበጠ፤ እዚያ አድማሱ የለጠፈው ፕላስተር አለ። በደህናው ጣቱ ጥፍር ዳሩን ቆፍሮ፣ ቀስ ብሎ፣ እንደ ቁስል ፋሻ ላጠው። የቀዳዳዎቹ ዓይን ተከፈተ። «አሁን ማንም አይቀዳበትም» አለና ካሴቱን ተናኘ እጅ ላይ አኖረው። «ለማን ነበር የሰጣችሁት?»

«ለአንዲት አሮጊት። ይመልስልኝ ይሆን ብለዋል... መጨረሻውን ብቻ ነው የሚሰሙት።»

«መልሺላት።» ኮቱን አስተካክሎ ደረጃውን ወጣ። ሌሎቹን ሁለቱን ዞሮም አላያቸው።

ተናኘ ካሴቱን በመሐረቡ ጠቅልላ ፈርነሱ አጠገብ ቆመች። ከቀዳዳው የሴትዮዋ ድምፅ መጣ፣ ደስ ያለው፣ የተጣደፈ፤ ታክሲዋ ከውጭ እየጠበቃት ነው። ሸክላውን ስንት ጊዜ እንደሰማችው ትናገራለች። ከዚያ ካሴቶቹን ጠየቀች። ተናኘ የባሏን ድምፅ ጠበቀች። አሁን ተናገር፣ አሁን፣ አንዲት ቃል፣ አለች በልቧ።

የተናገረው ኦስማር ነው። «ካሴቶቹ የሉም» አለ። «ለቤተ ክርስቲያን ሰጠኋቸው። ይህ ሰው የሚያገለግልበት ቤተ ክርስቲያን ነው።»

«ሁሉንም? ሌላ ቅጂ የለም?»

«ሁሉንም።»

«ለምን?»

«እዚህ ሰው የሚወደውን ይተዋል እመቤቴ። ለምን ተብሎም አይጠየቅም።»

ሴትዮዋ ቀስ ብላ የሆነ ነገር አለች። ወንበር ተሳበ፣ በር ተከፈተ፣ ቦቲዎቹ በመስኮቱ በኩል ወደ ታክሲው ተመለሱ። ተናኘ አንገቷን ወደ ቀዳዳው አቅንታ ጠበቀች፤ ሁለቱ ወንዶች እዚያ ላይ፣ አንድ ክፍል ውስጥ ናቸው። ፈርነሱ ተነሣ፣ ቱቦው ተንጓጓ፣ ሙቀት ፊቷ ላይ ነፈሰባት። ሌላ የወረደ ነገር አልነበረም።